ሟሚት ጌዶ ላይ የሠራችው ቤት

ሸዋገነት ሰው ማመን የተወችው ሹሩባ መሥራት ከጀመረች ወዲህ ነው። ጭንቅላት የምትሠራ ሴት ብዙ ትሰማለች። ደንበኛዋ ጉልበቷ ሥር ቁጭ ስትል ፊቷን ወደ መንገዱ፣ ጀርባዋን ወደ እሷ ስለምታደርግ፣ ዓይን ለዓይን ቢሆን የማትተነፍሰውን ሁሉ ትዘረግፈዋለች። የማን ባል ባኮ ወርዶ እንደ ቀረ፣ የትኛው ዳኛ ሙክት እንደሚወድ፣ የትኛዋ እመቤት ሠራተኛዋን በምን እንደ መታች። በመንግሥት ወረቀት ላይ ሀገረ ሕይወት ተብላ፣ በሰው አፍ ግን አምቦ ሆና የቀረችው ከተማ ገመናዋ ሁሉ በሸዋገነት ጉልበቶች መሐል ያልፍ ነበር። እንዲህ ያለ ሥራ ሰውን ወይ ሐሜተኛ ያደርገዋል ወይ ተጠራጣሪ። ሸዋገነት ለሐሜት ምላሷ ሰነፍ ስለ ነበረ ተጠራጣሪ ሆነች።

ወተት ስትገዛ ጣቷን ነክራ ትቀምሳለች። ቄሱ ሲባርኳት አንድ ዓይኗን ገልጣ ታያለች። ሰው በመንገድ ላይ ከወትሮው አርዝሞ ሰላም ካላት፣ ምን ፈልጎ ይሆን እያለች ቀኑን ሙሉ ታብሰለስላለች። ታናሽ እኅቷ እንቁ፣ «እትዬ ሸዋ፣ ገነት ብትገባ እንኳ ግድግዳውን በጣቷ ቆርቁራ ካላየች አትቀመጥም» እያለች ትስቅባት ነበር። ይህ እንቁ ገና ትስቅ በነበረበት ጊዜ ነው።

እኅትማማቾቹ የሚኖሩት እናታቸው ትታላቸው በሄደችው፣ ወደ ጉደር በሚወስደው መንገድ ዳር ባለ ቤት ነው። ቤቱ ሁለት ክፍል ነው፤ አንዱ የሸዋገነት፣ አንዱ የእንቁ። ምሰሶው ግን አንድ ነው፤ ጣሪያውም አንድ ነው። እናታቸው በጣም አጭር ሴት ነበረች። በሩ ሲሠራ አናጢውን «እጀታውን እኔ በምደርስበት ምታው፣ ቤቱ የኔ ነው» ብላ ስላስገደደችው፣ እጀታው ከወገብ ዝቅ፣ ከጉልበት ትንሽ ከፍ ብሎ ተመታ። ከዚያ ወዲህ ወደዚያ ቤት የሚገባ ሁሉ፣ የባለርስቱ ጭቃ ሹም ሳይቀር፣ አጎንብሶ ነበር የሚከፍተው። አሮጊቷ ሌላ ርስት አልነበራትም። ባለጊዜን የምታስጎነብስበት ይህ በር ብቻ ነበራት።

እንቁ ሳቋን ያጣችው በባሏ በከበበው ነው። ከበበው በቆሎ ልነግድ ብሎ ባኮ ወርዶ፣ እዚያ ሌላ ሴት አግብቶ፣ የጋራ በሬዎቻቸውን ሰው ልኮ አስነዳቸው። እንቁ ከሰሰች። ፍርድ ቤቱም በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ እየደረበ አመላለሳት። ዳኛው ታመዋል፤ መዝገቡ አዲስ አበባ ሄዷል፤ መዝገቡ መጥቷል፣ ዳኛው ተቀይረዋል። ክረምት አልፎ ክረምት ሲመጣ እንቁ ከፍርድ ቤቱ በር ፊት ባለው ዋርካ ሥር መቀመጥ ለመደች። ዋርካው ሥር ደግሞ ንዋይ የሚባል ማመልከቻ ጸሐፊ ነበረ።

ንዋይ ኮትና ክራባት የማይለየው፣ ደረት ኪሱ ላይ ሁለት ብዕር የሚሰካ ሰው ነው፤ አንደኛው ቀለም የለውም። ከወዴት እንደ መጣ ለጠየቀው ሁሉ የተለያየ አገር ይነግራል። ባለጉዳይ ሲያለቅስ አብሮ ያለቅሳል፤ ከዚያ እንባውን ጠርጎ የጽሕፈቱን ዋጋ ያስታውሳል። ዋርካው ሥር ብዙ ተቀምጦ አንድ ነገር ተማረ። የዚህ አገር ደሀ ከመንከራተቱ ብዛት እንዲፈረድለት መመኘቱን ትቷል፤ ነገሩ እንዲያልቅለት ብቻ ነው የሚፈልገው። ንዋይም አንድ ቀን ማመልከቻ መጻፉን አቆመና ሃይማኖት ጻፈ።

ሃይማኖቱ እንዲህ ይላል። ከሁሉ በፊት ድፍርስ ነበረ፤ ሰማይ ከምድር፣ የኔ ካንተ አይለይም ነበር። በድፍርሱ ውስጥ ሟሚት የምትባል እናት ተኝታ ነበር። ቋጣሪው የሚባል ክፉ መጣና ሁሉንም ለያይቶ ቋጠረው፤ ተራራውን ለብቻ፣ ወንዙን ለብቻ፣ ባልን ከሚስት፣ አጥርን ከግቢ፣ ስምን ከሰው። መከራ የጀመረው ያኔ ነው። ስለዚህ የሰው ሥራ የተቋጠረውን መፍታት፣ የተሠራውን ማፍረስ፣ የጠነከረውን ማሟሟት ነው። ሁሉ ሲሟሟ ሟሚት ትነቃለች። ያኔ ቀጠሮ የለም፣ ግብር የለም፣ ለባለርስት የሚሰፈር እርቦ የለም። «ከበበውም የለም» ብላ የጨመረችው እንቁ ናት፤ ንዋይም ጥቂት አስቦ ፈቀደላት።

ዓርብ ዓርብ ጧት አማኞቹ ከፍል ውሃው በታች ባለው ሜዳ ይሰበሰባሉ። ንዋይ ከምንጩ ገና የተቀዳ፣ የሚፍለቀለቅ ውሃ በጣሳ ይዞ የአሞሌ ጨው ስባሪ ይጥልበታል። ውሃው ይንጫጫል፣ ጨው ይሳሳል፣ ይጠፋል። ያን ጊዜ ሁሉም፣ «ነበርሽ፣ የለሽም፣ ደኅና ነሽ» ይላሉ። ቀጥሎ ሴቶቹ ሹሩባቸውን፣ ወንዶቹ ቀበቷቸውን ይፈታሉ። ቀበቶ የሌለው ቁልፉን ይፈታል፤ ቁልፍም የሌለው፣ ሌሎች አስቀድመው ፈትተውታልና ይታለፋል። ከዚያ ዝማሬ ነው። ሁሉም የየራሱን ዜማ በአንድ ጊዜ ይጮኻል።

የብጥብጥ ሃይማኖት ቢሆንም ያለ ኮሚቴ አልተራመደም። ሁለት ሰው በአንድ ዜማ እንዳይገጥም የሚቆጣጠር ኮሚቴ ተመረጠ። በሰዓቱ የመጣ ይቀጣ ተብሎ ስለ ተወሰነ፣ አማኙ ሁሉ ለማርፈድ በማለዳ ተነሥቶ ከባሕር ዛፍ ጀርባ ተደብቆ ይጠብቅ ጀመር። ማኅተምም ተቀረጸ። ማኅተሙ ወደፊት እንዲሟሟ በድምፅ ብልጫ ተወስኖ፣ ለጊዜው በሊቀ መንበሩ በንዋይ ኪስ ውስጥ ተቀመጠ።

ከሕጉ ሁሉ የከበደው ግን ስያሜ የሚባለው ነው። አዲስ የገባ ሰው በመጀመሪያው ዓርብ አንድ ቋጠሮ ይሰይማል፤ ነባሮቹም በየተራቸው። አንዴ የተሰየመ ቋጠሮ ሳይፈታ አይቀርም። ያንገራገረ ወይም የማን ነው ብሎ የጠየቀ ቋጣሪ ይባላል፤ ቋጣሪን ደግሞ ማንም ሰላም አይለውም። ኦቦ ፈዬራ የከብቶቹን በረት ሰየመ፣ ፈረሰ። ጉዴ የሻይ ቤቷን ሰየመች፣ ፈረሰ፤ ሻይዋን ዝናብ እየጠጣው በሜዳ ላይ ሸጠች። የሚያፈርሰው ኦቦ ቱፋ የሚባል የማኅበሩ አናጢ ነው። የፈረሰው ዕቃ ተመልሶ እንዳይቋጠር ንዋይ በጭነት መኪና አስጭኖ «ወደ ድፍርሱ» ይመልሰዋል። ድፍርሱ የት እንደ ሆነ የጠየቀ የለም። መኪናው ወደ ጉደር በር ሲወጣ ሁሉም ያየዋል፤ ከዚያ ወዲያ ያለው የእምነት ጉዳይ ነው።

ሸዋገነት ይህን ሁሉ በደንበኞቿ አፍ ሰማች። ገበያዋ ደግሞ ደርቶ ነበር። ዓርብ ሹሩባቸውን የፈቱ ሴቶች ቅዳሜ ተሰልፈው ያሠራሉ፤ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ፀጉር በትኖ አይኬድማ። ሌላ ሰው ቢሆን ሟሚትን ያመሰግን ነበር። ሸዋገነት ግን እየሠራች፣ «ንዋይ ይህን ያህል እኔን መጥቀሙ ምን አስቦ ነው?» ትላለች።

አንድ ዓርብ ከገበያ ስትመለስ የቤቷ በር የለም። በበሩ ፋንታ ጆንያ ተንጠልጥሏል። እንቁ ፀጉሯን በትና ከጆንያው ሥር ተቀምጣለች።

«በሩስ?»

«ፈታሁት።»

«በር ይፈታል?»

«ቋጠሮ ነው፣ እትዬ። ውስጥና ውጭ እያለ የሚለየን እሱ ነው።»

«እንግዲያ ጅቡ ሲመጣ ይህንኑ አስረጂው።»

«አትሳለቂ። ቀለለኝ እኮ። ማጠፊያው ሲነቀል እዚህ ጋ» አለች እንቁ፣ ደረቷን ነክታ፣ «የሆነ ነገር አብሮ ወጣልኝ።»

ሸዋገነት ጆንያውን በጣቷ ፈተሸችው። እኅቷ ከበበው ከሄደ ወዲህ እንዲህ ተንፍሳ አታውቅም። ያስፈራትም ይኸው ነው። ነገሩ ውሸት ብቻ ቢሆን በጥፊ ትመልሳት ነበር።

በማግሥቱ ዋርካው ሥር ሄደች። ንዋይ ሃይማኖት ቢያወጣም ቦታውን አልለቀቀም፤ ባለጉዳዮች ከብበውት ተቀምጠዋል።

«አቶ ንዋይ፣ የናቴን በር ፈልጌ ነው።»

«በር የሚባል የለም፣ ወይዘሮ ሸዋገነት። ነበረ፣ የለም፣ ደኅና ነው።»

«ደኅንነቱን በምን አወቁ? አብራችሁ ነው የምታድሩት?»

ባለጉዳዮቹ ሳቁ። ንዋይ ክራባቱን አጠበቀ። «እርስዎ ተጠራጣሪ ነዎት። ከቋጠሮ ሁሉ የከፋው ጥርጣሬ ነው።»

«እሱስ ይሁን። አንገትዎ ላይ ያለውስ ምን ይባላል?»

ንዋይ እጁን ከክራባቱ ላይ አነሣ። «ይህ የሥራ ልብስ ነው» አለ።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ሚስቱ ፀዳለ ሹሩባ ልትሠራ መጣች። ሌሎቹ ሴቶች ከሄዱ በኋላ ነው የመጣችው፤ ነጠላዋን እስከ አፍንጫዋ ተከናንባ፣ በጓሮ በኩል። ነጠላዋን ስታወርድ ሸዋገነት ራሷ ከሁለት ሳምንት በፊት የሠራችው ሹሩባ አንድ ዘለላ እንኳ ሳይፈታ እንዳለ ነው።

«አድሺልኝ» አለች ፀዳለ። «ጠበቅ አድርጊው።»

«ባልሽ ፍቱ ይላል፣ አንቺ አጥብቂ ትይኛለሽ።»

«የሱ ነገር ዓርብ ዓርብ ነው። እኔ ሳምንቱን ሙሉ ሰው ፊት እቀርባለሁ። ደግሞ የጌዶ ነፋስ ልክ የለውም ይላሉ።»

«ጌዶ ምን አለሽ?»

ፀዳለ ነጠላዋን ወደ ትከሻዋ ሳብ አደረገች። አንገቷ በሸዋገነት ጣቶች ሥር ገተር አለ። «ዘመድ አለን» አለች።

«ዘመድ ደግ ነው» አለች ሸዋገነት፤ አጥብቃም ሠራቻት።

ከዚያ በኋላ ነው መዓቱ የመጣው። የእንቁ ተራ ደርሶ ነበርና፣ የቤቱን ግማሽ ሰየመች። ኦቦ ቱፋ ሊያየው መጣ። ምሰሶውን በመዳፉ መታ መታ አደረገው፣ ጣሪያውን አንጋጦ አየ፣ ሸዋገነትን ማየት አቃተው።

«እቺን ምሰሶ ከነቀልናት ያንቺም ክፍል አብሮ ይወርዳል፣ አዴ ሸዋገነት።»

«ታዲያ ለምን ትነቅላታለህ፣ ኦቦ ቱፋ?»

«ተሰየመቻ። እምቢ ብል ቋጣሪ ይሉኛል። አምስት ሴት ልጅ አለኝ፤ የቋጣሪ ልጅ ማን ያገባል?»

«መቼ ነው?»

«የዛሬ ሳምንት ዓርብ ሌላ የተሰየመ አለ። የናንተ ከዚያ ወዲያ ባለው ነው።»

ሸዋገነት እኅቷን ለመነቻት። «እኔስ የት ልደር?» አለቻት።

«ሁሉ ሲሟሟ የት የሚባል የለም፣ እትዬ።»

«እስኪሟሟስ?»

እንቁ ይህንን አላሰበችበትም ነበር፤ ፊቷን አዞረች። ሸዋገነት ፖሊስ ጣቢያ ሄደች። ሃምሳ አለቃ ይገዙ አቤቱታዋን ጥርሱን በመፋቂያ እየፋቀ ሰማት። «በገዛ ቤቷ አይደለም እንዴ? ደሀ የገዛ ጎጆውን ቢያፈርስ ማንን ጎዳ? ከተማውም ይጸዳል» ብሎ አሰናበታት። ቄሱ ዘንድ ሄደች። ቄሱም የሟሚትን ነገር አምርረው አወገዙና፣ ውግዘቱ እሑድ እንደሚነበብ ነገሯት። ውግዘት ምሰሶ ይደግፍ እንደ ሆነ አልጠየቀቻቸውም።

በዚያው ሰሞን ለሙሽራ ሹሩባ ጌዶ ተጠራች። ከአውቶቡስ እንደ ወረደች፣ በከተማው መግቢያ ላይ፣ ከመንገዱ ከፍ ብሎ የቆመ ባለ ቆርቆሮ አዲስ ቤት አየች። ረጅም፣ ሰፊ፣ ብዙ ክፍል ያለው ቤት ነው። የፊት በሩ አረንጓዴ ቀለም ተቀብቷል። እጀታው ግን ከወገብ ዝቅ፣ ከጉልበት ትንሽ ከፍ ብሎ ነው የተመታው።

ሸዋገነት የሙሽራይቱን ቤት ረስታ ወደዚያ ወጣች። ጎንበስ ብላ እጀታውን ያዘችው። እጇ አወቀው።

ዞር ብላ ስታይ የኦቦ ፈዬራ በረት አጥር የግቢ ከለላ ሆኗል። አንዱ ግድግዳ ላይ «ጉዴ ሻይ ቤት» የሚል ቆርቆሮ ተዘቅዝቆ ተመትቷል። በጓሮ ደግሞ ገና ያልተሠራበት ዕቃ ተከምሯል፤ ማገር ከማገር፣ ወጋግራ ከወጋግራ፣ ምስማሩ እንኳ ተቃንቶ በየመጠኑ በጣሳ በጣሳ። በምዕራብ ሸዋ ውስጥ ከዚህ ጓሮ የበለጠ ሥርዓት ያለው ቦታ አልነበረም።

«ይህ የማን ነው?» አለች ጭቃ የሚያቦካውን ሰውዬ።

«ያንድ የአምቦ ጌታ ነው። ሆቴል ሊከፍት ነው አሉ። ሚስቱ ከፋሲካ በኋላ ትገባለች።»

የዚያ ቀን ሙሽራ ሹሩባዋ ከመጥበቁ የተነሣ ቅንድቧ ተወጥሮ፣ በሠርጓ ቀን የተገረመች መስላ ዋለች።

ሸዋገነት አምቦ ተመልሳ ለእንቁ ሁሉንም ነገረቻት። እንቁ ጆንያውን እያየች አዳመጠች።

«አይተሽ ነው ወይስ ጠርጥረሽ?»

«በዓይኔ አይቼ። በእጄ ይዤ።»

«ሁልጊዜ አይቼ ነው የምትይው። ከበበውንም ገና ሳይሄድ አይቼዋለሁ ብለሽኝ ነበር።»

«ልክ አልነበርኩም?»

«ነበርሽ» አለች እንቁ። «ምን ፈየደልኝ?»

ሸዋገነት ያን ጊዜ አንድ ነገር ገባት። ዕድሜዋን ሁሉ ስትጠረጥር ስለ ኖረች፣ እውነቱን ስታገኘው የሚቀበላት የለም። የእሷ ቃል እንደ ለመዱት ዝናብ ነው፤ ሰው ራሱን ሸፈን አድርጎ ያልፈዋል። በሚመጣው ዓርብ ጧት ወደ ሜዳው ወረደች። ሳታውቅ በሰዓቱ ስለ ደረሰች ኮሚቴው ቀጣት።

ጨው ሟሟ፤ «ነበርሽ፣ የለሽም» ተባለ። ሸዋገነት ወደ መሐል ገብታ ሻሿን አወረደች። ሸዋገነት የራሷን ፀጉር ስትፈታ አምቦ አይታ አታውቅም። ዘለላ በዘለላ ፈታችው። የሌላውን ሁሉ ስትቋጥር የኖረችው ሴት ፀጉር ሽበት ጣል ጣል እንዳደረገበት ተዘረገፈ። አንዳንዶቹ አለቀሱ። ንዋይ ከሁሉ በላይ ደስ አለው፤ እንዲህ ያለ ምእመን አግኝቶ አያውቅም።

«ስያሜ አለኝ» አለች ሸዋገነት።

«ይሰየም» አሉ ሁሉም።

«ጌዶ መግቢያ ላይ፣ ከመንገዱ በላይ ያለው አዲሱ ባለ ቆርቆሮ ቤት።»

ንዋይ ጣሳውን መሬት አስቀመጠ። «እሱ... ሩቅ ነው» አለ።

«መኪናው መጥቷል» አለች ሸዋገነት። ዕቃ ሊጭን የተጠራው ኤንትሬ የጭነት መኪና ባሕር ዛፉ ሥር ቆሟል።

«ባለቤት ያለው ይሆናል፣ ወይዘሮ ሸዋገነት።»

«ማን ይሆን?»

«እኔ በምን አውቃለሁ።»

«የማን ነው ብሎ የጠየቀ ምን ይባላል ነበር?» ብላ ወደ ሕዝቡ ዞረች።

«ቋጣሪ» አሉ፣ ለአንድ ጊዜ ሁሉም በአንድ ድምፅ። የዜማ ኮሚቴው ደነገጠ፤ ግን የሚቀጣው ሰው መምረጥ አቃተው።

ንዋይ በጋቢና፣ ሌላው በጭነት ላይ ሆኖ ጉዞ ተጀመረ። ጉደርን አልፈው አቀበቱን ሲይዙ ዝማሬው እንደ ጉድ ነበር። የገበያ ሰው አህያውን አቁሞ ይመለከታል። እንቁ ከእኅቷ ትይዩ ተቀምጣ ዓይኗን አልነቀለችባትም። ሸዋገነት የፈታችው ፀጉር አፏ ውስጥ እየገባ ቢያስቸግራትም አልሰበሰበችውም።

ጌዶ ሲደርሱ ከመኪናው ዘለው ወረዱ። ከዚያ ዝማሬው አንድ በአንድ ጠፋ። መጀመሪያ ዝም ያለው ኦቦ ፈዬራ ነው፤ አጥሩ ላይ የገዛ ሚስቱ ያሰረችው ጨርቅ አሁንም ይውለበለባል። ጉዴ ጭንቅላቷን አዘንብላ የተዘቀዘቀውን ቆርቆሮ አነበበች። ኦቦ ቱፋ አንዱን ቋሚ ዳበሰ፣ ሌላውን ዳበሰ። «ዱጋ» አለ በኦሮምኛ፤ እውነት ነው ማለቱ ነው። «ይህን ሁሉ የነቀልኩት እኔ ነኝ።» እንቁ አረንጓዴው በር ፊት ቆመች፣ ጎንበስ አለች፣ እጀታውን ያዘች፤ ጎንበስ እንዳለችም ቆየች።

ሁሉም ወደ ንዋይ ዞሩ። ንዋይ የመኪናውን በር ይዞ ቆሟል። የኔ ነው ቢል አበቃ፤ የኔ አይደለም ቢል አበቃ። ሸዋገነት ድንጋይ አንሥታ ሰጠችው። «ሊቀ መንበር ይጀምር» አለች።

ጀመረም። ሌላ ምን ያድርግ? አንድ ምስማር በድንጋይ ቀጥቅጦ አጣመመ፤ የቀረውን ሕዝቡ ጨረሰው። ማን በእምነት እንደሚነቅል፣ ማን በንዴት እንደሚነቅል መለየት አይቻልም ነበር። አንዷ ሴት «ነበርሽ፣ የለሽም» እያለች ቆርቆሮ ስትገነጥል፣ ከጎኗ ያለው ሰውዬ «ሌባ» እያለ ይገነጥላል፤ ሥራው ግን እኩል ይሄድ ነበር። ሸዋገነት ማጠፊያውን ፀጉር በምትከፍልበት ወስፌዋ ፈለቀቀችው። ምስማሩ ጥርስ እንደሚነቀል ሆኖ ወጣ። ሌላም ነቀለች። በሩ ከተነሣ በኋላ የሷ ያልሆነውን መስኮት ስትነቅል ራሷን አገኘችው።

በአምቦ ስንት ቤት ሲፈርስ ከወንበሩ ያልተነሣው ሃምሳ አለቃ ይገዙ፣ ጌዶ ላይ አንድ ባለ ቆርቆሮ ቤት ፈረሰ ተብሎ ሲደወልለት በላንድሮቨር በሮ መጣ።

«ይህ ምንድን ነው?» አለ።

«ሃይማኖት ነው» አለች ጉዴ፣ ቆርቆሮዋን በራሷ ላይ ተሸክማ።

«ቤቱ የማን ነው?»

ሁሉም ወደ ንዋይ አዩ። ንዋይ ላቡን በክራባቱ ጫፍ ጠረገ። «የማንም አይደለም፣ ሃምሳ አለቃ» አለ። ድምፁ እንደዚያ ቀን እውነተኛ ሆኖ አያውቅም።

ይገዙ አሰበ። ከሳሽ የለም፤ ባለቤት የለም። ሕግ ያለ ባለቤት እንዴት እንደሚሠራ አልተማረም። «ለማንኛውም» አለ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ «እንዳትለምዱት። ዛሬ ይሄ ነው፤ ነገ ደግሞ የሌላ ሰው ያምራችኋል።» ይህንን ሲል ዓይኑ ሳያስበው ወደ ኮረብታው ሄደ። ኮረብታው ላይ የጌዶው ባለርስት ሰገነት ያለው ቤት አለ። ሕዝቡም ዓይኑን ተከትሎ ወደዚያው ዞረ። እሱ ባያሳያቸው ኖሮ ማንም አያየውም ነበር። ይገዙ ይህን ሲገነዘብ ሁሉንም ቶሎ ቶሎ ወደ መኪናው አስገባቸው፤ ዕቃቸውንም ሲጭኑ አብረውት የመጡት ፖሊሶች አገዟቸው።

ንዋይ ከዚያ ወዲህ ዋርካው ሥር ማመልከቻ ይጽፋል። ጽሑፉ እንደ ድሮው ነው፤ ክራባቱ ግን የለም። ፀዳለ ሹሩባ ልትሠራ ደግማ አልመጣችም።

እኅትማማቾቹ በሩን ያን ዕለት ከሰዓት በኋላ መለሱት። እንቁ ደግፋ ያዘች፣ ሸዋገነት ምስማሩን መታች። አረንጓዴው ቀለም ለናታቸው ቤት የማይስማማ ጌጥ ሆኖ ቀረ። ስለሚመጣው ዓርብ ሁለቱም አላነሡም። ኦቦ ቱፋ በበሩ ሲያልፍ ምሰሶውን እንዴት ላድርገው ብሎ አልጠየቀም፤ እንቁም አልጠራችውም።

«ስትነቅይ አይቼሻለሁ» አለች እንቁ፣ በሩን እንደ ደገፈች።

«ምን አየሽ?»

«ደስ ብሎሽ ነበር።»

«ንዴት ነው።»

«መስኮቱስ? መስኮቱ የኛ አይደለም።»

ሸዋገነት ምስማሩን ሳተችውና አውራ ጣቷን መታች። ጣቷን አፏ ውስጥ ከተተች። እንቁ ከስንት ጊዜ በኋላ ሳቀች። ከዚያ በሩን ትታ፣ መሬት ላይ፣ በእኅቷ ጉልበቶች መሐል ገብታ ጀርባዋን ሰጠቻት።

«በይ ሥሪኝ» አለች።

«እስከ መቼ? እስከ ዓርብ?»

«እንጃ» አለች እንቁ። «ሥሪኝ ብቻ።»

ሸዋገነት ሠራቻት። ከሥሩ ጀምራ፣ ለፀዳለ ካጠበቀችው ይልቅ አጥብቃ፣ ጫፉን በጥቁር ክር ጠምጥማ አሰረችው። እንቁ «አመመኝ» ስትል እንኳ አላላላችም። ከዚያ ወዲህ ዓርብ ጧት በመጣ ቁጥር ሸዋገነት ቀድማ ትነሣለች። በሩ ይኑር አይኑር አታይም። ወደ እንቁ ክፍል ትገባና ጎንበስ ብላ፣ የተኛችውን እኅቷን ፀጉር በጣቷ ትነካካለች፤ ክሩ እንዳለ መሆኑን ለማየት። ከዚያ ደግሞ መልሳ የቋጠረችውን የራሷን።